በአስር ሰከንድ አርባ ሰባት

አርባ ሰባት። አያቴ የማሽኑን ቁልፍ በአስር ሰከንድ ውስጥ አርባ ሰባት ጊዜ መታች፣ በአንድ ጣት፣ በሌባ ጣቷ ብቻ፣ ዶክተሯ ደሞ ማሽኑ የተበላሸ መስሏት ገልብጣ አየችው። እውነቴን ነው። ገልብጣ አየችው፣ ነቀነቀችው፣ ከዛ ራሷ ሞከረችውና ሃምሳ አንድ አመጣች፣ እሷ እኮ ገና የሠላሳ ምናምን ዓመት ሴት ናት፣ አያቴ ደሞ ሰባ ሦስት ዓመቷ ነው። አጎቴ በሩ ጋ ቆሞ አፉን ከፍቶ ቀረ። እኔ አንጀቴ ቅቤ ጠጣ፣ ብስቅ ስለሚያጋልጠኝ ጉንጬን ከውስጥ ነክሼ ያዝኩት፣ አሁንም ያመኛል። ሙሉውን ካልነገርኳችሁ እፈነዳለሁ፣ ምክንያቱም ያቺ ደቂቃ በሕይወቴ በጣም ደስ ካሉኝ ደቂቃዎች አንዷ ነበረች፣ ከዛ ደሞ ብዙም ሳይቆይ ነገሩ ሌላ ሆነ።

እሺ፣ በቅደም ተከተል። አያቴ ታይፒስት ናት። ነበረች እንዳትሉ፣ ናት። ድሮ አንድ ትልቅ መሥሪያ ቤት ውስጥ ሃያ ታይፒስቶች በአንድ አዳራሽ ሲሠሩ የእሷ ስም «መትረየስ» ነበር፣ ስትጽፍ ኮሪደሩ ላይ ያለ ሰው ተኩስ የተከፈተ ይመስለው ነበር አሉ። ጡረታ ስትወጣ ፍርድ ቤቱ ፊት ለፊት ከተደረደሩት ክፍሎች አንዷን ተከራየችና ለባለጉዳይ ማመልከቻ መጻፍ ጀመረች። ክፍሏ ሦስተኛ ሰው ሲገባ አንደኛው መውጣት ያለበት ዓይነት ናት። አንድ ጠረጴዛ፣ አንድ ኮምፒውተር፣ ፊደሎቹ ተፍቀው ያለቁ ኪቦርድ (ለእሷ ምንም ማለት አይደለም፣ ድሮም አይታው አታውቅም)፣ በየገጹ የሚያስነጥስ ፕሪንተር፣ ለባለጉዳይ አንድ የፕላስቲክ ወንበር፣ ግድግዳው ላይ ደሞ «አንድ ገጽ ሠላሳ፣ ማልቀስ በነፃ» የሚል ወረቀት። ራሷ ናት የጻፈችው። ሰዎች እውነትም እያለቀሱ ነው የሚያወሩት፣ እሷ እያዳመጠች ትጽፋለች፣ እነሱ ገና አፍንጫቸውን ሲናፈጡ ወረቀቱ ወጥቶ «እዚህ ጋ ይፈርሙ» ትላለች። እኔ ከትምህርት ቤት ስወጣ እዛ ነው የምውለው፣ እናቴ ማታ ድረስ ሱቅ ስለምትቆይ። ወሬዬ ስለማያቆም ስሜ እዛ ክፍል ውስጥ «ቃጭሌ» ነው።

አሁን ወደ አጎቴ፣ እኔ «ጋሼ» ነው የምለው። አንድ ቅዳሜ እኛ ቤት መጣ፣ እናቴ ሽንኩርት ትከትፋለች፣ እኔ ሶፋው ላይ ተጋድሜ ጆሮዬ ላይ ማዳመጫ አለ። ባትሪው እንደሞተ ማንም አላወቀም፣ እኔ ደሞ ለምን እነግራቸዋለሁ። «እማ የእግረኛው አረንጓዴ መብራት በርቶ እስኪጠፋ አስፋልቱ ጠርዝ ላይ ቆማ ታየዋለች እኮ» ይላታል እናቴን። «ሁለቴ። አጠገቧ ሆኜ ቆጠርኩ።»

«እናትህን ሰዓት ይዘህ ትቆጥራለህ?» አለችው እናቴ፣ ቢላዋው ሳይቆም።

«ዶክተሯም ቆጥራለች።» እውነቱን ነው፣ ከዛ በፊት በነበረው ሳምንት ክሊኒክ ወስዷት ነበር፣ እኔም አብሬ ነበርኩ። አንዲት ትንሽ ቁልፍ በጣት የሚመታባት ማሽን አለች፣ አያቴ በአስር ሰከንድ ሠላሳ አንድ ነው ያመጣችው፣ ሌሎቹም ፈተናዎች ላይ ዘገየች፣ ከሦስት ወር በኋላ ተመለሱ ተባለ። አጎቴ በዛች ቅዳሜ ያለው እንዲህ ነው፣ የሚቀጥለው ውጤት ካልተሻለ ክፍሏን ወሩ ሲያልቅ ዘግቶ አያቴን ወደ እሱ ቤት ይወስዳታል። የእሱ ቤት ሁለት አውቶብስ ነው። ክፉ ሰው እንዳይመስላችሁ፣ መስኮት ያለውን ክፍል ሊሰጣት አስቦ መጋረጃ ሁሉ ገዝቷል። ግን የሰው የዕድሜ ልክ ሥራ ሽንኩርት ሲከተፍ ይወሰናል? ባለሥራዋ ሳትጠየቅ? እናቴም አጎቴም ዓይናቸው እንባ አቅርሮ በሽንኩርቱ አሳበቡ።

በማግስቱ ሁሉንም ለአያቴ ዘረገፍኩት። ትቆጣለች ወይ ታለቅሳለች ብዬ ነበር። እሷ ግን መነፅሯን አውልቃ በቀሚሷ ጫፍ ጠረገች፣ መልሳ አደረገች፣ ከዛ «ፈተና ነው?» አለችኝ። አዎ አልኳት። «ፈተና ከሆነማ ይጠናል» አለች።

እና አጠናን። ሦስት ወር ሙሉ። ስልኬ ላይ ጣት የሚቆጥር ጌም ጫንኩላት፣ ባለጉዳይ ሲጠፋ ትመታለች፣ እኔ ሰዓት እይዛለሁ። መጀመሪያ ሠላሳ፣ ሠላሳ ሁለት፣ ከዛ አንድ ቀን «እንዲሁ ምቺ ስትዪኝ እኮ የት እንደምደርስ አላውቅም» አለችና የማመልከቻ መነሻውን መስመር በልቧ እያለች በየፊደሉ መምታት ጀመረች፣ አርባ ገባች። ሁለተኛው ፈተና ወረቀት ላይ የተበታተኑ ክቦች ናቸው፣ ከአንድ እስከ ሃያ አምስት፣ በተራ በእርሳስ ማገናኘት ነው። እሱን ማግኘቴ ዕድል ነው፣ ያኔ ክሊኒኩ ውስጥ ሰልፊ ተነስቼ ነበር፣ ከኋላዬ ጠረጴዛው ላይ ወረቀቱ ወጥቷል። አጉልቼ ገለበጥኩት። አያቴ ደሞ የአንድን ገጽ መልክ አንዴ ከያዘች አትለቅም፣ በሳምንት ውስጥ ዓይኗን ጨፍና ታገናኘው ነበር። ሦስተኛው ደሞ አንዲት ሳጥን ላይ መብራት ሲበራ ቁልፍ መጫን ነው፣ እሱ ላይ ደሞ አንድ ነገር ሰምቼ ነበር፣ መብራቱ ሊበራ ሲል ሳጥኑ ቀስ ብሎ «ጭቅ» ይላል። «መብራቱን አትጠብቂ፣ ጭቁን አዳምጪ» አልኳት። ማጭበርበር መስሎ አልተሰማኝም፣ በናታችሁ፣ እንደ ስፖርት ነው የተሰማኝ። እየሳቅን ነበር የምናጠናው፣ ባለጉዳይ ሲገባ ስልኩን ወረቀት ስር እንደብቃለን፣ እሷ ፊቷን ኮስተር አድርጋ «እሺ፣ ምን ሆነው መጡ» ትላለች።

ዛሬ ጠዋት እንግዲህ ሦስት ሰዓት ላይ ክሊኒኩ ደረስን። አጎቴ መኪናውን ከሩቅ አቁሞ ነበር፣ አያቴ ከወረድን በኋላ ቀጥ ብላ ፊት ፊት ሄደች፣ ጫማዋ አዲስ ነው። የዶክተሯ ክፍል ነጭ ነው፣ የሳሙና ሽታ አለው፣ ግድግዳው ላይ የአንጎል ሥዕል በተለያየ ቀለም ተሰቅሏል፣ ቅርጫቱ ከእኔ ወንበር አጠገብ ነው። ዶክተሯ ደግ ናት፣ አያቴን «እናቴ» ነው የምትላት፣ እጇን ራሷ ጠረጴዛው ላይ አስተካክላ አስቀመጠችላት፣ «አይጨነቁ፣ የሚወድቅ ሰው የለም» አለቻት። አያቴም «ልጄ፣ እኔ ወድቄ አላውቅም» አለቻት። አርባ ሰባቱን ነግሬያችኋለሁ። ክቦቹን ስትጀምር ግን ላብ አጠመቀኝ፣ በጣም ፈጠነች፣ ከአስራ ሁለት ወደ አስራ ሦስት ስትሄድ ወረቀቱን እንኳን አላየችም፣ ዶክተሯን እያየች ነበር። ዶክተሯ ሰዓቷን ስለምታይ አልነቃችም። መብራቱም ላይ ጭቁን አዳመጠች። አለቀ።

ዶክተሯ እስክሪብቶዋን አስቀመጠችና ፈገግ አለች። «እኔ በእውነት ጨንቆኝ ነበር» አለች። ፋይሉ ውስጥ ከነበሩ ወረቀቶች አንዱን መዘዘች። «ካለፈው ውጤት የተነሳ ዛሬ የደም ምርመራ አዝዤ ነበር፣ ከዛም የጭንቅላት ፎቶ። አሁን አያስፈልገንም፣ በዓመቱ እንገናኝ።» ወረቀቱን ወደ እኔ ዘረጋችው፣ «ቆንጆ፣ እሱን ቅርጫቱ ውስጥ ጣዪልኝ።»

እኔ አፌ አያርፍም አይደል። «በደሙ ምን ልታዪ ነበር?» አልኳት።

«ሰው ሲያረጅ ሁሉም ትንሽ ይዘገያል፣ እሱ ጤና ነው» አለችኝ። «ከዕድሜ በላይ ሲዘገይ ግን ሰውነት ውስጥ የሆነ ነገር እየነገረን ሊሆን ይችላል። ታይሮይድ፣ የደም ማነስ፣ የቫይታሚን እጥረት፣ ስኳር፣ እንቅልፍ፣ ብዙ ነገር። እኔ ጣት አይደለም የምለካው፣ ሰምቶ አስቦ እስኪታዘዝ ያለውን መንገድ ነው። ከምክንያቶቹ ውስጥ በኪኒን ብቻ የሚስተካከሉ አሉ፣ ቶሎ ከተገኙ።»

ቶሎ ከተገኙ። ማንም ይሄን ነግሮን አያውቅም፣ ወይ ነግረውን እኔ ሰልፊ እየተነሳሁ ነበር። ወረቀቱን ቅርጫቱ ላይ ያዝኩት፣ ላይ ላዩን አነበብኩት፣ ከታች «እስከ ነገ ስድስት ሰዓት ያገለግላል» ይላል። እጄ አልለቀው አለ። አጥፌ ኪሴ ከተትኩት።

መኪና ውስጥ አጎቴ መሪውን በሁለት እጁ ይዞ ፊት ፊቱን እያየ ነበር፣ መብራት ላይ ስንቆም ብቻ በመስታወቱ አያቴን ሰረቅ አድርጎ ያያታል። ፍርድ ቤቱ ጋ ስንደርስ ወርዶ በሯን ከፈተላት፣ ግንባሯን ሳማትና «እማ፣ ይቅር በዪኝ፣ ክፍልሽን ስለመዝጋት አስቤ ነበር» አላት። አያቴ ክራቫቱን አቃናችለትና «ምሳህን ብላ፣ ከስተሃል» አለችው። እሱ የከሳ ሰው አይደለም። ሲሄድ እጁን በመስኮት አወጣ፣ ደስ ብሎት ነበር፣ እኔ ደሞ ኪሴ ውስጥ ያለውን ወረቀት ጨብጬ ይዤው ነበር።

ከሰዓት ባለጉዳይ ብዙም አልነበረም። ዘጠኝ ሰዓት ተኩል አካባቢ አንዲት ዘበኛ ዩኒፎርሟን እንደለበሰች ገባች፣ ካለበደሏ ከሥራ ተባራለች፣ ይግባኟን ዛሬ ካላስገባች ቀኑ ያልፍባታል፣ መዝገብ ቤቱ ደሞ አስር ሰዓት ተኩል ላይ ይዘጋል። ማውራት ጀመረች፣ አያቴ እጆቿን ኪቦርዱ ላይ አነሳች። እና ከሦስት ወር ወዲህ መጀመሪያ ጊዜ፣ ስልኩን ሳይሆን እጆቿን አየሁ። ቃሉ አንዴ ከተጀመረ ጣቶቿ ይሮጣሉ፣ ያው መትረየስ ናቸው። ግን ከቃል እስከ ቃል እጆቿ አየር ላይ ተንጠልጥለው ይቀራሉ። የሆነ ሰው ፈቃድ እስኪሰጣቸው የሚጠብቁ ይመስላሉ። ሳላስበው በልቤ ቆጠርኩ። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት። አጎቴን ሆንኩ። ዘበኛዋ ተናግራ ጨረሰች፣ አያቴ ገና ሦስተኛው መስመር ላይ ናት። ሴትየዋ የግድግዳውን ሰዓት አየች፣ እኔን አየች፣ ወንበሩ ጫፍ ላይ መጣች። «እማማ፣ ትንሽ ቶሎ ቢሉልኝ» አለች፣ በጣም ቀስ ብላ፣ እያፈረች።

ያቺ ክፍል ውስጥ ያንን ቃል ሰው ሲናገር ሰምቼ አላውቅም። አያቴ ግን ሳቀች። «አንቺ፣ ያባረሩሽ ለዚህ ጥድፊያሽ ነው እንዴ?» አለቻት። ሴትየዋም ሳቀች፣ ክፍሉ ትንሽ ቀለል አለ። «የመጨረሻውን ቀን ድገሚልኝ እስቲ።» ደገመችላት። «የአለቃሽንም ስም።» ደገመችላት። ወረቀቱ አስር ሰዓት ከሃያ ወጣ፣ አንድ ፊደል አልተሳሳተም፣ እኔ ራሴ አንብቤዋለሁ፣ እንዴት ያምራል መሰላችሁ። ሴትየዋ ፈርማ እግሬ አውጪኝ አለች። በሩ ላይ ቆመን አየናት፣ የፍርድ ቤቱ ጥበቃ በሩን ገርበብ አድርጎ አስገባት። አያቴ እስክትገባ ድረስ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ ነበር፣ ከዛ መጥታ ባለጉዳይ ወንበሩ ላይ ተቀመጠች። በራሷ ወንበር አይደለም፣ በፕላስቲኩ።

«አርባ ሰባቱን ማን አመጣው?» አለችኝ።

«አንቺ ነሻ።»

«እኔ ያመጣሁት ሠላሳ አንዱን ነው» አለች። «ሌላው ያንቺ ማስጠናት ነው።»

ታውቃለች። ሁሉንም ታውቃለች፣ ጠዋት ካልሲ ለማድረግ የሚፈጅባትን፣ ስልክ ሲጠራ እጇ እስኪነሳ ያለውን፣ ሰው ሲቀልድ ሳቋ ከሰው ሳቅ በኋላ እንደሚመጣ፣ ሁሉንም። ነገረችኝ፣ እንደ ባለጉዳይ ቁጭ ብላ፣ ሳታለቅስ። ያን ጊዜ ወረቀቱን ከኪሴ አወጣሁት። «እማማ፣ ነገ ጠዋት ደም ብቻ እንስጥ። ለጋሼ አንነግረውም። ዶክተሯን እኔ አናግራታለሁ፣ እንደተጠናም እነግራታለሁ።»

ወረቀቱን በሁለት እጇ ይዛ አየችው። «ፋይሉ ላይ ያለው የማን ስልክ ነው?» አለች።

«የጋሼ።»

«አየሽ። የሆነ ነገር ቢገኝ እኔ ሳልሰማ እሱ ይሰማል።» ወረቀቱን ጭኗ ላይ አስተካከለች። «እና ደሞ ከተገኘ ስም ይወጣለታል፣ ቃጭሌ። ስም ካለው ሰው ሁሉ በእሱ ነው የሚጠራኝ። እናትሽ፣ ያ ጎረምሳ አጎትሽ፣ ጎረቤት። አሁን ዝግ ያልኩ ታይፒስት ነኝ። ያ ይሻለኛል።»

«ኪኒን ያለው ቢሆንስ? በኪኒን የሚድን ቢሆንስ?»

ዝም አለች። ፕሪንተሩ ብቻ ነበር የሚሰማው፣ ሲበርድ የሚያሰማው ነገር አለው። ዝም ያለችው መልስ ስለሌላት ይሁን መልሱ ገና በመንገድ ላይ ስለሆነ አላወቅኩም፣ ለማወቅም ፈራሁ፣ እና ለመጀመሪያ ጊዜ አፌን ዘግቼ ጠበቅኩ። በጣም ረጅም ነበር። ከዛ ወረቀቱን በአራት አጥፋ መልሳ እጄ ላይ አስቀመጠችና እጄን ጨበጠችው። «እባክሽ» አለችኝ። እሱን ብቻ። አያቴ ታዘዥ፣ ነይ፣ ዝም በዪ ትለኛለች፣ እባክሽ ብላኝ ግን አታውቅም። አንጀቴን በላችው። «እሺ» አልኳት። ምን ልበል፣ ከአፌ ወጣ። እቀደዋለሁ አላልኩም፣ እሺ ብቻ ነው ያልኩት።

አስራ አንድ ሰዓት ላይ ስንወጣ ጓጉንቸሩን እኔ እንድዘጋው ሰጠችኝ፣ እንደ ዘበት፣ ቦርሳዋን የምታስተካክል መስላ። በአንድ ሰከንድ ይዘጋል። እኔ ግን ቁልፉን አንዴ ገልብጬ ሞከርኩ፣ ጣልኩት፣ አነሳሁት፣ ደግሜ ገለበጥኩት። ፈጥኜ ስዘጋው እንድታየኝ አልፈለግኩም። «እጅሽ ጥጥ ነው እንዴ?» አለችኝ፣ እና ስትስቅ እውነተኛ ሳቋን ሳቀች።

አሁን አውቶብስ ውስጥ ነን፣ ይሄን የምጽፈው በአንድ እጄ ነው፣ ሌላኛው ትከሻዬ ላይ አያቴ ተኝታለች፣ ፀጉሯ አገጬን እየኮረኮረኝ ነው። ወረቀቱ ኪሴ ውስጥ አለ። ለዶክተሯ ብነግራት ፈተናው ይደገማል፣ ሠላሳ አንድ ወይ ከዛ በታች ይመጣል፣ አጎቴ ክፍሏን ይዘጋል፣ ምናልባት ደሞ አንድ ትንሽ ኪኒን ይገኝና አያቴ ድሮ ወደነበረችው መትረየስ ትመለሳለች፣ ማመልከቻ የሚያስጽፍ ሰው በሌለበት ቤት፣ ከሁለት አውቶብስ ወዲያ፣ እኔን ሳታናግረኝ። ዝም ካልኩ ክፍሏ አለ፣ የፕላስቲኩ ወንበር አለ፣ እኔም ከትምህርት ቤት መጥቼ እያወራሁ እውላለሁ፣ ግን ከዛሬ ጀምሮ እጇ አየር ላይ በቆመ ቁጥር እቆጥራለሁ፣ ዛሬ አራት ነበር፣ ስድስት ሲሆን፣ አስር ሲሆን፣ ቶሎ የሚባለው ማለፉን ማን ይነግረኛል? ነገ ጠዋት ይሄው አውቶብስ መጀመሪያ ክሊኒኩ ጋ ይቆማል፣ ቀጥሎ ትምህርት ቤቴ ጋ። እናንተ እኔን ብትሆኑ የትኛው ፌርማታ ላይ ትወርዳላችሁ?